መኪናዋን ያስፈታሁበት መሐላ

ይህ ነገር ከአፌ ወጥቶ አያውቅም። ለእህቴ አልነገርኩም፣ ለልጆቼም አልነገርኩም። እናንተ አታውቁኝም፤ ፊታችሁን ሳላይ ልናገረው።

ባሌ ሰይድ ሲሞት ለእኔና ለልጆቹ የተወልን አንዲት ገልባጭ መኪና ነበረች። የሚነዳት ታናሽ ወንድሙ ኑሩ ነው። ኑሩ ዝምተኛ ነው፤ እትዬ እያለ ይጠራኛል። ወንድሙን ከቀበረ ወዲህ ትዳር እንኳ ሳይዝ፣ ከቆቦ ዋጃ ከዋጃ ጎብዬ ድንጋይና ማሽላ እያመላለሰ እኛን ሲያኖር ኖረ።

ኋላ ከጎሊና ወንዝ ያለ ፈቃድ አሸዋ ማውጣት ተከለከለ። ቁፋሮው የገበሬውን ማሳ በወንዙ እያስበላው ነው ተባለ፤ እውነትም ያስበላው ነበር። ሥራ ቀዘቀዘ። አንድ ጠዋት ቤት የሚሠራ ሰው አሸዋ ፈልጎ መጣ። ኑሩን ጠርቼ ሂድና ጫን አልኩት። ፈቃድ የለንም፣ ሚሊሻም ወንዙን እየጠበቀ ነው አለኝ።

"የወንድምህ ልጆች ፈቃድ ይብሉ እንዴ?" አልኩት።

ቁልፉን አንስቶ ወጣ። እኔ ነኝ የላክሁት። እንቢ እያለ የላክሁት እኔ ነኝ።

ቀትር ሳይሆን ተያዘ። እሱ ታሰረ፤ መኪናዋ ከነአሸዋዋ ፖሊስ ጣቢያ ግቢ ቆመች። በየቀኑ እየሄድኩ በአጥሩ ቀዳዳ አያት ነበር። ፀሐዩ ጎማዋን ሲጠብሰው፣ አቧራ ሲለብሳት አንጀቴ ይቃጠል ነበር። እዚያው ግቢ ውስጥ የታሰረውን ኑሩን ግን አንዳንዴ ብቻ ጠየቅሁት። ምን ዓይነት ሴት ነበርኩ? ለብረት የሚቃጠል አንጀት ለሰው እንዴት ይጠፋል?

ማመልከቻ የሚጽፍልኝ ሰው መንገዱን አሳየኝ። ሹፌሩ ባለቤቷ ሳታውቅ ከጫነ ፍርድ ቤቱ መኪናዋን ይለቃል፤ አውቃ ከላከችው ግን ትወረሳለች አለ። ታውቂ ነበር ወይ ብሎ አልጠየቀኝም። እኔም አልነገርኩትም።

በቀጠሮው ቀን አማቴ ከሮቢት መጥታ ከኋላዬ ተቀመጠች። የሰይድም የኑሩም እናት ናት። ቁርአን መትቼ ማልኩ። ዳኛው ሲጠይቁኝ፣ "አላውቅም። ሳልልከው በራሱ ነው የወሰዳት" አልኩ። ድምፄ እንኳ አልተንቀጠቀጠም።

ዳኛው ወደ ኑሩ ዞሩ። አንዲት ቃል ቢተነፍስ መኪናዋም ትቀራለች፣ እኔም እታሰራለሁ። አየኝ። ቀጥሎ እናቱን አየ። አንገቱን ደፋ።

"እውነቷን ነው" አለ። "እሷ አታውቅም። ጥፋቱ የእኔ ነው።"

አማቴ ከኋላዬ ስትቃትት ሰማኋት።

መኪናዋ ተለቀቀች፤ ኑሩ ተፈረደበት። ሌላ ሹፌር ቀጠርኩ። አማቴ የየቲም ሐቅ የነካ፣ አባት የሌላቸውን ልጆች ገንዘብ የደፈረ፣ ልጄ አይደለም አለች። ታስሮ ሲወጣ እጇን ሊስም ቢመጣ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጣለችና ዞረች። እኔ በሩ ላይ ቆሜ ነበር። አየኝና ከግቢው ወጣ። ዋጃ ወርዶ በጭነት ሥራ ተቀጠረ።

ዝም አልኩ። ዛሬ እነግራታለሁ፣ ነገ እነግራታለሁ እያልኩ ዝም አልኩ።

አማቴ ስትታመም ያስታመምኳት እኔ ነኝ። ሰው ሁሉ እንዲህ ያለች ምራት ይስጥ ብሎ መረቀኝ፤ እኔም አሜን አልኩ። በመጨረሻዋ ቀን እጄን ይዛ፣ "ለኑሩ ምን አጎደልኩበት? እንዴት ባሳድገው ነው የወንድሙን ልጆች የሰረቀ?" አለችኝ። ጎረቤት ከቧታል፣ ልጆቼም ቆመዋል። ምን ነበር ያኔ ብናገር? ምን ይቀርብኝ ነበር? አትድከሚ እማ፣ እረፊ አልኳት። ከዐሱር ሶላት በፊት ዐረፈች።

ኑሩ ለቀብር መጣ፤ ቃሬዛዋን ተሸከመ። ሰው ሲበተን ወደ እኔ ቀረበና በዝቅተኛ ድምፅ፣ "እትዬ፣ ነገርሻት?" አለኝ።

"አዎ" አልኩት። "ነገርኳት። መርቃህ ነው የሞተችው።"

መሬት ላይ ቁጭ ብሎ እንደ ልጅ አለቀሰ። ከዚያ ተነስቶ፣ "አላህ ይስጥሽ" ብሎ ትከሻዬን ሳመ።

ይሄ ነው እንቅልፍ የሚነሳኝ። ፍርድ ቤት የማልኩትን፣ የቲሞች አሉብኝ፣ ቸግሮኝ ነው ልል እችል ይሆናል። እነዚያን የቲሞች ያሳደገው ግን እሱ ነበር። ለዝምታዬስ፣ ለዚያች ለመጨረሻዋ ውሸትስ ምን ምክንያት አለኝ?

እናንተን አፉ በሉኝ፣ ይቅር በሉኝ አልላችሁም፤ አፉታው የኑሩ ነው። አፉ በለኝ ለማለት ግን እናቱ ሳትመርቀው እንደ ሞተች አስቀድሜ ልነግረው ግድ ነው። ዋጃ ቅርብ ነው፤ መኪና ከተሳፈሩ ወዲያው ነው። እስከ ዛሬ አልሄድኩም።