ፓውዘ የሌለው ፊልም

በፍራንክፈርት ከተማ፣ ምናልባትም ከራይን ወንዝ ወዲህ ባለው አውሮፓ ሁሉ፣ ያቺን አሜሪካዊት ተዋናይ የእኔን ያህል የሚያውቅ ሰው የለም። ከስንዴ ማሳ በቀር ሌላ ከማይታይበት መንደር ወጥታ፣ ኒውዮርክ ሳህን እያጠበች ትወና መማሯን፤ ጸጉራቸውን ያስረዘሙ ወጣቶች ጦርነቱ ይቁም እያሉ አደባባይ በሚወጡበት ዘመን በትንሽ ገንዘብ የተሠራ አንድ ፊልም ሰማይ እንደሰቀላት፤ ከሰልፈኞቹ ጋር ስለታሰረች ፊልም ሠሪዎቹ እንደሸሿት፤ ኋላም በቴሌቪዥን የሰው እናት፣ ቀጥሎም የሰው አያት ሆና ስትሠራ ኖራ አሁን በረሃ ዳር አህያ እንደምታረባ በቃሌ እወጣዋለሁ። እንዲያውም አንድ ቀን አውቶቡሴ ላይ ተሳፍራ ትኬት እንደቆረጥኩላት ለሰው ሁሉ አውርቻለሁ። የተሳፈረችው ዞሰንሃይም የምትወርድ የጥርስ ሐኪም ረዳት መሆኗን ግን አላወራሁም።

እውቀቴ በሙሉ የመጣው ከስልኬ ነው። አውቶቡስ ነጂ ነኝ፤ መጨረሻው ፌርማታ ላይ የምትሰጠኝ እረፍት፣ ጀርመኖቹ ፓውዘ የሚሏት፣ ሰባት ደቂቃ ናት። በሰባት ደቂቃ የሰው ሕይወት አንብቦ መጨረስ ይቻላል። ወንበር ላይ ቀኑን ሙሉ እውላለሁ፤ ወንበሩ የሚሄድ ከሆነ። የማይሄድ ወንበር ላይ ካስቀመጡኝ ምጣድ ላይ እንዳለ ቆሎ እንጣጣለሁ። ጉባኤያችን በተከራየው አዳራሽ ስብከቱ ሳይጋመስ ስለምወጣ ባለቤቴ «የመኪና ማቆሚያው ዲያቆን» ትለኛለች።

ጊንሃይም በምኖርበት ሕንፃ፣ ከእኔ አንድ ፎቅ ዝቅ ብለው አንድ ጡረተኛ ኤርትራዊ ይኖራሉ። አቦይ እላቸዋለሁ። አማርኛን በተማሪ ቤት በአለንጋ ስለተማሩት ከእኔ ይልቅ አጥርተው ይናገሩታል። አንድ ጠዋት ደረጃው ላይ አስቆሙኝ።

«ያቺ ልጅ መጣች።» ሰማንያን ብታልፍም ለእሳቸው ልጅ ናት።

«የት?»

«ሰፈር አዳራሽ። ቅዳሜ ከሰዓት። ያ በሞተር ብስክሌት ወደ ባሕር የምትሄድበት ፊልም።»

ፊልሙን አሥመራ በወጣትነታቸው አይተውታል፤ ግማሹን። እዚያ ሲኒማ ቤት ፊልሙ መሐል ላይ ይቆምና መብራት ይበራል፤ ሰው ወጥቶ አየር ይቀበላል። እሳቸው ወጥተው የተቀበሉት ሲጋራ ነበር፤ ያውም በጾም። አባታቸው በዚያው መንገድ ሲያልፉ አይተዋቸው፣ ጆሯቸውን ይዘው ቤት አስገቧቸው።

«ሞተሯ ተበላሽቶ መንገድ ዳር ቆማ ተውኳት» አሉኝ። «ሃምሳ ዓመት አለፈ። ባሕሩ ጋ ትድረስ አትድረስ አላውቅም።»

አንዱ ዓይናቸው ሞራው ተነሥቶለታል፤ ለሁለተኛው በሚቀጥለው ሳምንት ቴርሚን፣ የሐኪም ቀጠሮ፣ አላቸው። እንግሊዝኛ አይሰሙም፤ ከሥር የሚጻፈው ጀርመንኛ ደግሞ ሳያነቡት ያመልጣቸዋል።

«አንተ ታውቃታለህ። አጠገቤ ተቀመጥና የምትለውን ንገረኝ። መጨረሻውን ብቻ አስቀድመህ እንዳትነግረኝ።»

«አልነግርዎትም አቦይ» አልኩ። ይህን ቃሌን ለመጠበቅ ምንም አልቸገረኝም።

ቅዳሜ ፊተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። ጥሩ አስተረጎምኩ፤ ሲቀንስ ጨመርኩበት። ነዳጅ ቀጂው ወዴት እንደምትሄድ ሲጠይቃት፣ መንገድና ነፃነትን አያይዤ ረጅም መልስ ሰጠሁላት።

«ይህን ሁሉ በሁለት ቃል አለችው?»

«እንግሊዝኛ አጭር ቋንቋ ነው አቦይ።»

ሞተሯ መንተፋተፍ ሲጀምር ክንዴን ጨበጡ። «እዚህ ጋ ነው» አሉ። «እዚህ ጋ ነው ጆሮዬን የያዙኝ።» ሞተሩ ቆመ። እኔ መብራቱ እስኪበራ ጠበቅሁ። በዚህ አገር ፊልም ፓውዘ የለውም። መቁነጥነጥ ጀመርኩ፤ ወንበሩ አብሮኝ ይንቋቋል፤ ከኋላዬ አንዲት ሴት «ሽሽ» አለችኝ። ተዋናይዋ አስፋልቱ ላይ ቁጭ ብላ ሞተሯን ታያለች፤ አትናገር፣ አትነሣ። እንዴት ሰው እንዲህ ይቀመጣል?

«ሽንት ቤት ደርሼ ልምጣ፤ ሁለት ደቂቃ» አልኳቸው። ዓይናቸውን ከፊልሙ ሳያነሡ በእጃቸው ሂድ አሉኝ።

ሽንት ቤት አልሄድኩም። ወጥቼ እስከ ፌርማታው ተራመድኩ፤ ተመለስኩ፤ እንደገና ሄድኩ። ከሰፈሩ በላይ የቆመውን የቴሌቪዥን ማማ አንጋጥጬ አየሁ። በቃሌ የማውቀውን የአውቶቡስ ሰዓት ሰሌዳ ቆሜ አነበብኩ። የባልደረባዬ አውቶቡስ ሦስት ደቂቃ ዘግይቶ ሲመጣ ደስ አለኝ። ወደ አዳራሹ ስገባ ሰው ኮቱን ይለብሳል። ሾልኬ ወንበሬ ላይ ተቀመጥኩ፤ እንዳልተነሣ ሰው።

አቦይ ዓይናቸውን በመሐረብ ይጠርጋሉ። «መጨረሻ ላይ ምን አለች?» አሉኝ።

ድምፄን አለሰለስኩ። «‹ባሕር ሆይ፣ ይኸው መጣሁልህ› አለች።»

በታከመው ዓይናቸው ረጅም ጊዜ አዩኝ።

«ወደይ» አሉኝ፤ በቋንቋቸው ልጄ ማለት ነው። «አንተ ከወጣህ በኋላ አፏን አልከፈተችም። አንዲት ቃል አልተናገረችም። አስተርጓሚ አላስፈለገኝም።»

ወደ ቤት ስንሄድ ግማሽ መንገድ ዝም አልኩ፤ ለእኔ ይህ ሱባዔ ነው። ከዚያ በላይ አልቻልኩም።

«ታዲያ ደረሰች?»

«ማን?»

«እሷ። ባሕሩ ጋ።»

«የምታውቃት አንተ አይደለህም እንዴ? እኔ ሃምሳ ዓመት ጠብቄአለሁ። አንተ ገና ልጅ ነህ፤ ትደርሳለህ።»

አሁን ሁለተኛው ዓይናቸውም ድኗል፤ ከሰገነታቸው ላይ ሆነው ከሩቅ ይለዩኛል፤ ባገኙኝ ቁጥር «ባሕሩ እንዴት ነው?» ይሉኛል። ፊልሙን ስልኬ ላይ ጭኜዋለሁ። አራት ጊዜ ጀምሬዋለሁ፤ ከተበላሸው ሞተር አላለፍኩም። ከዚያች ሴት ፊልሞች አንዱንም እስከ መጨረሻው አይቼ አላውቅም።