የፍልሰታ ሽርሽር

ይህ ነገር ከደረሰብኝ አንድ ዓመት አልፎታል፤ ባለፈው ዓመት ነሐሴ መጀመሪያ ላይ ነበር። እስካሁን ሳስበው አንዴ ያስቀኛል፣ አንዴ ደግሞ ፊቴን ያቀላዋል። በሕይወቴ ከዋሸኋቸው ውሸቶች ሁሉ ረጅሙ መፈታት የጀመረው ያን ቀን፣ ካሪቢያን ያለ አንድ ወንዝ ውስጥ ስለሆነ የምረሳው አይመስለኝም።

መጀመሪያ ውሸቱን ልናገር። በዲቪ አሜሪካ ከመጣሁ አሥራ አንድ ዓመት ሆኖኛል። የምኖረው ሄይዋርድ ነው፤ የምሠራው ሳን ሆዜ፣ አንድ ነርሲንግ ሆም፣ አረጋውያን የሚጦሩበት ቤት ውስጥ። እማዬ አዲስ አበባ ሳለች ጾም በገባ ቁጥር ትደውልልኝና "ጾሙን እንዴት ይዘሽዋል?" ትለኝ ነበር። "ደህና ነው እማዬ፣ እየጾምኩ ነው" እላታለሁ። አልጾምም ነበር። የመጀመሪያውን ዓመት ሞክሬአለሁ። ከዚያ ሥራው፣ መንገዱ፣ ድካሙ እያልኩ ተውኩት። አንድ ቀን እንዲያውም መኪና ውስጥ የዕንቁላል ሳንድዊች እየበላሁ ነው "ጾም ነው" ብዬ የመለስኩላት። ጉንጭ ሞልቶ ሳያስነቁ ማውራት የሚባል ሙያ ካለ እኔ የተካንኩበት ነኝ።

እሷ ግን አምናኝ ሰፈሩን ሁሉ "ልጄ በሰው አገር እንኳ ጾሟን አልፈታችም" እያለች ስትኮራብኝ ኖራለች። ውሸቱ እየቆየ ሲሄድ እውነቱን መናገር ከባድ የሆነብኝ ለዚህ ነው። ከአፏ የምነጥቃት ይህንን ቃል ነበር።

ባለፈው ዓመት ከፋሲካ በኋላ እማዬ ግሪን ካርዷ ተሳክቶ እኛ ጋ መጣች። እኔም የሰኔ ጾም ሲገባ ቀን ቀን ሥራ ቦታ እንደልቤ እየበላሁ፣ ማታ ቤት ስገባ ከእሷ ጋር የጾም ወጥ እየበላሁ፣ ውሸቱ በሰላም ቀጠለ።

ባለቤቴ ግርማ ለጋብቻችን መታሰቢያ ብሎ ዶሚኒካን ሪፐብሊክ፣ ባሕር አጠገብ ያለ ሪዞርት አምስት ቀን ያዘልን። ምግቡም መጠጡም ሁሉም ዋጋው ውስጥ የተካተተ ነው። የያዘው በፈረንጅ አቆጣጠር፣ በስልኩ ነው፤ ወጥ ቤታችን ግድግዳ ላይ የተሰቀለውን የቤተ ክርስቲያን ካሌንደር ቀና ብሎ ያየ ሰው የለም። ልንሄድ ሳምንት ሲቀረን ደግሞ ከሥራው ተደውሎለት ፊቱ ጠቁሮ መጣ።

"ኦፌን፣ የዕረፍት ፈቃዴን፣ ካንስል አደረጉብኝ። ሪፈንድ ደግሞ የለውም፤ ብሩ አይመለስም። የኔን በእማማ ስም አስቀይሬ ይዘሻት ሂጂ" አለኝ።

ሻንጣ ስናዘጋጅ ነው እማዬ ካሌንደሩ ፊት ቆማ "የምንሄደው ፍልሰታ ገብቶ አይደለም እንዴ?" ያለችው። ሦስታችንም ቆመን አየነው። ፍልሰታ ማለት እኛ ቤት ልጅ ሆነን እንኳ እስከ ዘጠኝ ሰዓት እህልም ውሃም በአፋችን የማይዞርበት ጾም ነው።

"ምን ችግር አለው፤ ዘጠኝ ሰዓት እዚያም ይሆናል" አለችና ነጠላዋን አጥፋ ሻንጣው ውስጥ ከተተች።

ሪዞርቱ የጾመኛ ቦታ አልነበረም። ጠዋት ከእንቅልፍ ስንነሳ የሚጠበሰው ነገር ሽታ ሦስተኛ ፎቅ ድረስ ይመጣል። ከእናት ጋር አንድ ክፍል ውስጥ እያደሩ መዋሸት እንዴት እንደሚያደክም ያየሁት እዚያ ነው። መላ ግን አላጣሁም። እማዬ በረንዳው ላይ ቆማ ረጅም ጸሎት ትጸልያለች። እኔ "ትንሽ ዎክ ላድርግ" ብዬ ወርጄ፣ ቺዝ ያለበት ኦምሌት በልቼ፣ ታች ያለው መታጠቢያ ቤት ገብቼ በኪሴ በያዝኩት ብሩሽ ጥርሴን ታጥቤ እመለሳለሁ። ሁለት ቀን እንዲህ አለፈ።

በሦስተኛው ቀን እማዬ "ይሄ ባሕር ታየ። ሕዝቡ የት ነው የሚኖረው?" አለችኝ። ተራራ ወጥቶ ቸኮሌት የሚሠራበትን የካካዎ እርሻ፣ ዋሻና ወንዝ የሚያሳይ የሙሉ ቀን ጉዞ ስለነበር ተመዘገብን። መኪናው የሚመጣው ከጠዋቱ አሥራ ሁለት ተኩል ላይ ነው። ቁርስ ቤቱ ደግሞ የሚከፈተው አንድ ሰዓት። ይህን ያወቅሁት ማታ ስለነበር ሁለት ግራኖላ ባር፣ በአጃ የተሠራ ደረቅ ጣፋጭ፣ ቦርሳዬ ሥር ቀብሬ ተኛሁ።

የመጣው ጎኑ ክፍት የሆነ፣ የእንጨት ወንበር የተደረደረበት የጭነት መኪና ነው። አሥር የምንሆን ቱሪስቶች ተሳፈርን። አስጎብኚያችን ራሞን የሚባል፣ ባርኔጣ ያደረገ፣ ሃምሳ ዓመት ያለፈው ሰው ነው። እማዬ ከፊት ተቀምጣ ሙዙን፣ ቀዩን አፈር፣ መንገድ ላይ የተኙትን ላሞች ስታይ ፊቷ በራ። "ይሄማ ጅማ ነው" እያለች ትጠቁመኛለች። እኔ ከላሞቹ ይልቅ የማስበው ቦርሳዬ ሥር ያለውን ነበር።

እርሻው ስንደርስ ራሞን የካካዎ ፍሬ ሰንጥቆ ውስጡ ያለውን ነጭና ለስላሳ ነገር ለሁላችንም አዞረ። እማዬ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ "ኖ፣ ታንኪው" አለች። እኔም እጄን ደረቴ ላይ አደረግሁ። ሰውየው ቅር እንዳይለው ጾም መሆናችንን በእንግሊዝኛ አስረዳሁት።

"ውሃም?" አለ።

"ውሃም።"

"በዚህ ሙቀት? እናትሽስ?"

"እሷ ከእኔ ትበረታለች" አልኩት።

ወዲያው እማዬ "እስቲ እዚያ ጥላ ሥር ትንሽ ልጸልይ" ብላ ጥቁር ቦርሳዋን ይዛ ሄደች። ዕድሌ መጣ ብዬ ካካዎው ከሚደርቅበት መጋዘን ጀርባ ዞርኩ። ግራኖላውን አውጥቼ ወረቀቱን ስይዘው ድምፁ ያን ሁሉ ጫካ የሞላው መሰለኝ። የሚገርመው፣ ከማዕዘኑ ወዲያም የላስቲክ ድምፅ ሰማሁ።

"ማነው?" አለ የእማዬ ድምፅ።

"እኔ ነኝ እማዬ። እዚያ ምን ታደርጊያለሽ?"

"እየጸለይኩ ነው። አንቺስ?"

"እኔም... ጥላ ፈልጌ ነው።"

ሁለታችንም ቦርሳችንን እየዘጋን ከመጋዘኑ ጀርባ ወጣን። ያኔ ምንም አልጠረጠርኩም። ከዚያ በኋላ ግን እስከ ምሳ ድረስ እማዬ ከአጠገቤ አልተለየችም፤ እኔም ደግሜ ለመሞከር ፈራሁ።

ዋሻው ብዙ ደረጃ ነበረው። ከዋሻው ስንወጣ ራሴን ይወጋኝ ጀመር። ሰባት ሰዓት ላይ ምሳ ቀረበ። ዶሮ፣ ሩዝ፣ ቀይ ባቄላ፣ የተጠበሰ ሙዝ። ሌሎቹ ሲበሉ እኛ እጃችንን አጣጥፈን ተቀመጥን። ራሞን ሩዙንና ባቄላውን ለብቻ በሳህን አድርጎ በፎይል ሸፈነና "እስከ ሰዓታችሁ ይቆይላችኋል" አለን። እማዬ "መኪናው ውስጥ ትንሽ ጋደም ልበል" ብላ ሄደች። እኔ ግን ጾም ነኝ ያልኩት ራሞን ፊት ስለነበርኩ ግራኖላዬን ማውጣት አፈርኩ። ስትመለስ ፊቷ ፈካ ብሏል። በዚህ ዕድሜዋ እንዴት እንዲህ ትችላለች ብዬ ቀናሁባት።

ወንዙ ጋ የደረስነው ስምንት ሰዓት ካለፈ በኋላ ነው። የመንሳፈፊያ ጃኬት አልብሰውን ገባን። እማዬ እግሯን ውሃው ውስጥ ነክራ ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። እኔ ልቀዝቅዝ ብዬ እስከ ወገቤ ገባሁ። ጎንበስ ብዬ ፊቴን ስታጠብ ውሃው ከንፈሬን ሲነካኝ አፌን ግጥም አደረግሁ። አንድ ጉንጭ ብውጥ ማንም አያውቅብኝም ነበር። ግን ቀና ስል እማዬ እያየችኝ ነው፤ ፈገግ ብላ። እውነቱን ለመናገር ያን ቀን የጾምኩት ለእግዚአብሔር ሳይሆን ለዚያ ፈገግታ ነው።

ከዚያ ዛፎቹ ጠቆሩብኝ።

ስነቃ ዳር ላይ በጀርባዬ ተኝቻለሁ። ራሞን እግሬን ከፍ አድርጎ ይዞታል። "ምንም አልበላችም? ጣፋጭ ነገር ያስፈልጋታል" ይላል። እማዬ ይህን ያህል እንግሊዝኛ ታውቃለች። ጥቁር ቦርሳዋን ስትዘረግፈው በፎይል የተጠቀለለ፣ ግማሹ የተበላ ስኳር ድንች፣ ከሪዞርቱ የመጣ ዳቦና ሁለት ብርቱካን ወጣ። ብርቱካኑን ልጣ ወደ አፌ አመጣችው።

"ስንት ሰዓት ነው?" አልኳት።

"ለዘጠኝ ሩብ ጉዳይ።"

"ትንሽ ነው የቀረው፤ ይቆየኝ" አልኩ።

እስከ ዛሬ የሚያሳፍረኝ ይህ ነው። ውሃ እየተንጠባጠበብኝ፣ መሬት ላይ ተዘርሬ፣ አሁንም እያስመሰልኩ ነበር።

"ብዪ አልኩሽ" አለች እማዬ። "እኔ ከጠዋት ጀምሮ ሦስት ጊዜ በልቻለሁ።"

ዓይኔን ገልጬ አየኋት።

"ስኳር አለብኝ። ሦስት ዓመት ሆነኝ። የንስሐ አባቴ በጠዋት እንድበላ ፈቅደውልኛል። እንዳትጨነቂ ብዬ ነው የደበቅሁሽ። ዛሬ ደግሞ አንቺ እንዲህ ችለሽ ስትጾሚ ሳይ ፊትሽ መብላት አፈርኩ።"

"የጨጓራ ነው" እያለች የምትውጠው ኪኒን ትዝ አለኝ። ቤቴ ከመጣች ወራት አልፈዋል። እኔ በየቀኑ ሳን ሆዜ ድረስ እየነዳሁ የሰው እናት ጣት እየወጋሁ ስኳር እለካለሁ፤ የራሴን እናት አንድ ቀን አልለካኋትም። ማልቀስ ጀመርኩ። እሷ ከጾሙ የተነሳ መሰላት። እርጥብ ፀጉሬን እየዳበሰች "በሰው አገር፣ በሽርሽር ላይ... የኔ ጎበዝ" አለችኝ። ይህስ አይቻልም፣ እውነቱን ልናገር ብዬ አፌን ስከፍት ብርቱካን አጎረሰችኝ።

ትንሽ ቆይቶ ራሞን ሳህኖቹን ከመኪናው አመጣ። ሁለት ሳይሆን ሦስት ነበሩ። ሦስተኛው የራሱ ነው። እንግዶቼ ሳይበሉ ምግቡ አልወርድ አለኝ አለና አጠገባችን ድንጋይ ላይ ተቀምጦ አብሮን በላ። እማዬ በአማርኛ መረቀችው፤ እሱም ባርኔጣውን አንስቶ ሰማት።

በሚቀጥለው እሑድ ኦክላንድ ቤተ ክርስቲያን ከቅዳሴ በኋላ አዳራሽ ውስጥ ስገባ ሴቶቹ ሁሉ ዞረው አዩኝ። እማዬ አውርታላቸዋለች። በሱዳን በኩል የመጡት፣ ጉልበታቸውን የሚያማቸው እትዬ ዘውዴ ከወንበራቸው ተነሥተው ሊስሙኝ መጡ።

"አንቺ ነሽ በጾም ወንዝ ውስጥ የወደቅሽው? የዛሬ ልጅ እንዲህ ነው እንዴ?" አሉኝ።

"ኧረ እትዬ፣ አይነሡ" አልኳቸው። የምገባበት ጠፋኝ።

ወደ ቤት ስንመለስ ኤይት ኤይቲ ሃይዌይ ላይ መንገዱ ተዘጋግቶ ቆምን። ከዚህ በላይ መሸከም አልቻልኩም።

"እማዬ፣ እኔ እኮ ከመጀመሪያው ዓመት በኋላ ጾሜ አላውቅም። ዘጠኝ ዓመት ዋሽቼሻለሁ።"

ከፊታችን ያለው መኪና ትንሽ ሄዶ ቆመ። እኔም ትንሽ ሄጄ ቆምኩ።

"በስልክ የዋሸሽኝን አላውቅም ነበር" አለች በመጨረሻ። "የሪዞርቱን ግን አውቃለሁ። ዎክ ሄዶ ጥርሱን ታጥቦ የሚመለስ ሰው አይቼ አላውቅም።"

"ታዲያ ለምን ነገርሻቸው?"

"እኔ የነገርኳቸው የዚያን ቀኑን ነው። ያን ቀን ጾመሻል። ዋሸሁ?"

"አልዋሸሽም።"

በመስኮቱ በኩል ወደ ውጭ አየች። "በስልክ ስናወራ፣ ስኳሩን ደብቄ፣ እኔም ደህና ነኝ እልሽ ነበር" አለች። መንገዱ ሲከፈት ወደ ሄይዋርድ ነዳሁ።

አሁን ሳስበው የሚያሳዝነኝ ኦምሌቱ አይደለም። እዚያ መጋዘን ጀርባ በአንድ ማዕዘን ግራና ቀኝ ቆመን፣ እሷ ለእኔ ስትል እኔም ለእሷ ስል ምግባችንን የደበቅነው ነው። ሁለታችንም የራበን ነበርን።

ዘንድሮ ፍልሰታ ሲገባ ካሌንደሩን ቀድሜ አየሁና የመጀመሪያውን ቀን ኦፍ ወሰድኩ። ጠዋት ጣቷን ወግቼ ስኳሯን ለካሁ፤ ከዚያ ቁርሷን አቀረብኩ፤ የአንድ ሰው ብቻ። እኔ የማልበላው ስለሷ ብዬ እንዳልሆነ ነገርኳት፤ ትመነኝ አትመነኝ አላውቅም። "ፊትሽ ልብላ?" አለችኝ። "ፊቴ ብዪ" አልኳት፤ በልታ እስክትጨርስም አጠገቧ ተቀመጥኩ።