ቅቤ የተቀባ ደረት

የልብ መለኪያዋን ያዋሰን እዚህ እስራኤል ያለው የሕክምና ማኅበራችን፣ ቁፓት ሆሊሙ ነው። ገመዶቿን አባቴ ደረት ላይ ለጥፈን ስንለካ ምስሉ በስልክ ለማኅበሩ ነርስ ይደርሳል። አንድ ዓርብ ከሰዓት አባቴ ደረታቸውን ይዘው «ትንሽ ከብዶኛል» አሉ። እሳቸው ትንሽ ካሉ ብዙ ነው። አምቡላንስ ልጥራ ብል፣ መሣሪያዋ ሳትናገር ከሦስተኛ ፎቅ አልወርድም ብለው ድርቅ አሉ።

ለካን። የወጣው የልብ ምት ሳይሆን እንደ አባጨጓሬ ጠጉራም የሆነ ወፍራም መስመር ነበር። ነርሷ ምንም አይነበብም፣ ድገሙት አለችን።

እኔ በቂርያት ጋት የኢንዱስትሪ ቀጠና ማሽን ጠጋኝ ነኝ፤ ጠላቴን ወዲያው አወቅሁት። የቤት መብራት በሽቦው ውስጥ ብቻ አይቀርም፤ ሰው ገላ ላይም ያርፍና ከልብ ምት ጋር ይቀላቀላል። የስልኩን ቻርጀር ነቀልሁ። ማቀዝቀዣውን ነቀልሁ። እናቴ ሰንበት ሊገባ ነው፣ ከገባ እሳት አይነካም እያሉ ሲለምኑኝ የምግብ ማሞቂያውን ፕላታ ነቀልሁ። ገመዶቹን አንድ ላይ ጎነጎንሁ፣ አልጋውን ከግድግዳው አራቅሁ፣ በመጨረሻም መሣሪያዋ በባትሪ ስለምትሠራ የቤቱን መብራት ከቆጣሪው አጠፋሁ። ውኃ ቢወቅጡት እምቦጭ። የጎረቤት ሽቦ በግድግዳው ያልፋልና መስመሩ ቀነስ አለ እንጂ አልጠራም። አባቴን ላብ አጠመቃቸው። በሙያዬ የምኮራው ሰውዬ በገዛ አባቴ ደረት ላይ ተሸነፍሁ።

አንዱን ማጣበቂያ ልለውጥ ጎንበስ ስል ሸተተኝ። ቅቤ።

ቀና ብዬ እናቴን አየኋቸው። መሬት መሬቱን እያዩ፣ «ጠዋት ሲያማቸው አሸኋቸው። አንተ እንዳትቆጣኝ በፎጣ ጠረግሁት» አሉ።

ባለፈው ክረምት ክሊኒክ ውስጥ አንዲት ልጅ አፍንጫዋን ስትይዝ አይቼ፣ እዚህ አገር ቅቤ አይቀቡም፣ አታሳፍሩኝ ብያቸው ነበር። እኔ ረስቼው ነበር። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ቅባት ካለ ማጣበቂያው ቆዳውን አይጨብጥም፤ ያኔ የግድግዳው መብራት የልብን ምት ይውጠዋል። ገመድ ከመንካቴ በፊት ቆዳውን ማየት ነበረብኝ።

በሳሙና አጥቤ፣ አድርቄ፣ እንደገና ለጠፍሁ። መስመሩ ጥርት አለ። ነርሷ አንዴ አይታ አምቡላንስ ልኬያለሁ፣ በሩን ክፈቱ አለች።

አባቴ ተረፉ። ሐኪሙ ግን ግማሽ ሰዓት ቀድመው ቢደርሱ ልባቸው ይህን ያህል ባልተጎዳ ነበር አለን። ዛሬ ከሦስተኛ ፎቅ የሚወርዱት ተደግፈው ነው። እናቴ ቅቤ በእጃቸው አይነኩም፤ ባላቸውን የጎዱት እሳቸው ይመስላቸዋል። የጎዳኋቸው እኔ ነኝ ልላቸው ስንት ጊዜ አፌን ከፈትሁ። ቃሉ እስካሁን አልወጣም።