ለአራት ክፍል አራት በግ

ይህ ነገር የደረሰብኝ ባለቤቴ ተሾመ ባረፈ በሁለተኛው ወር ነው። ቀስ እያልኩ ነው የምጽፈው። አንዳንድ ቀን አንድ መስመር ጽፌ እተወዋለሁ። እስከ ዛሬ ከውስጤ ያልወጣው ግን የብሩ ብዛት አይደለም። ስጋው ነው።

ተሾመ የውሃ ቦቴ ሾፌር ነበር። ከጅግጅጋ እየተነሳ ሸደር ወደሚገኘው የስደተኞች መጠለያ፣ ድርቅ ሲሆን ደግሞ እስከ ሀርሺን ውሃ ያመላልስ ነበር። እኔ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አማርኛ አስተምራለሁ። ብዙ ዓመት በኪራይ ከኖርን በኋላ በ1998 ዓ.ም. ጥር ላይ አንድ ቤት ተገኘልን። ያጠራቀምነውን ሰጠን። የጎደለውን መቶ ሃያ ሺህ ብር ከባንክ ተበደርን። በሃያ ዓመት የሚያልቅ፣ በየወሩ አንድ ሺህ ሦስት መቶ ሃያ አንድ ብር የሚከፈል ብድር ነው።

የብድሩን ጉዳይ የጨረሰልን ሰው ጌታሁን ይባላል። የባንኩ የብድር ሠራተኛና የባለቤቴ የእድር ጓደኛ ነው። ተጫዋች ሰው ነው። ውሉን ስንፈርም እንኳ እያሳቀን ነበር የፈረምነው።

ወደ ቤቱ የገባን ዕለት ተሾመ ግቢውን እየዞረ በጣቱ ቆጠረ። ሳሎን፣ ሦስት መኝታ ቤት፣ ማድ ቤት፣ እቃ ቤት፣ ሰርቪስ ክፍል፣ ሽንት ቤት፣ በረንዳ፣ የውሃ ማጠራቀሚያ ቢርካ።

«አስር» አለኝ። «ሃያ ዓመት ለአስር ሁለት ነው። በየሁለት ዓመቱ አንዱ የእኛ ይሆናል።»

«እንዲህ ነው እንዴ የሚቆጠረው?»

«መንገድ በይው። ሀርሺን ስሄድ ግማሹን ከነዳሁ የሚቀረኝ ግማሹ ነው። ሌላ ምን ሂሳብ አለው?»

እኔም ሌላ ሂሳብ አልታየኝም። ስለዚህ በየትኛው ክፍል እንደምንጀምር ብቻ ተከራከርን። እኔ ማድ ቤቱ ይቅደም አልኩ። እሱ «ሳሎኑ ይቅደም፤ እንግዳ በሰው ሳሎን አይስተናገድም» አለ። እሱ አሸነፈ።

ሁለት ዓመት ሲሞላ፣ ጥምቀት ካለፈ በኋላ በግ አረደና ሰው ጠራ። ሳሎኑ የእኛ ሆነ ተባለ። ከሁለት ዓመት በኋላ ትልቁ መኝታ ቤት፣ ቀጥሎ የልጃችን የሰብለ መኝታ ቤት፣ በመጨረሻም የእኔ ማድ ቤት። አራት ክፍል፣ አራት በግ። ሰፈሩ ሁሉ ለመደው። የአጥር ጎረቤታችን ሆዳን በገበያ ጨርቅ የምትሸጥ ሶማሌ ናት። እኛ ያረድነውን ስለማትበላ ተሾመ ለእሷ ለስላሳና ቴምር ለይቶ ያስቀምጥ ነበር። በሩ ላይ ስትደርስ ጥያቄዋ ሁልጊዜ አንድ ነው፤

«ተሾሜ፣ ዘንድሮ የትኛውን ክፍል ዳርክ?»

«ማድ ቤቷን! አንቺስ ያንቺን መቼ ነው የምትድሪው?»

«የኔማ ጣሪያ የላትም፤ ማን ያገባታል!»

ሆዳን ቤቷን የምትሠራው በሴቶች እቁብ ነበር። እነሱ ሀግባድ ይሉታል። እቁቡ ሲደርሳት አንድ ግድግዳ ታቆማለች፣ እስኪደርሳት ድረስ ደግሞ ትቀመጣለች። ተሾመ ሳይንቃት ያሾፍባት ነበር። እኔም እስቅ ነበር።

ጌታሁን ከአራቱ ግብዣዎች አንዱም አላመለጠውም። ዱለት ይወዳል። ቀድሞ ስልክ ይደውልና «ዱለቱ እኔ ሳልደርስ እንዳይቀርብ» ይላል። ፍሪምባውም ለእሱ ነበር የሚቀርበው፤ ቤት ያስገኘልን ሰው ነዋ! በልቶ እጁን ሲታጠብ ብርጭቆ ያነሳና ለእንግዶቹ ይናገራል፤

«ተሾመን እዩት! እናንተ ለአከራይ የምትገፈግፉት ብር የት ይገባል? እሱ ክፍል በክፍል እየሰበሰበ ነው። ሰው ማለት እንዲህ ነው!»

ሰው ያጨበጭባል። ተሾመ አንገቱን ደፍቶ ፈገግ ይላል። ከባልደረቦቹ ሁለቱ ከእኛ ሳሎን ተነስተው በሳምንቱ ጌታሁን ቢሮ ሄደው ተበደሩ።

ማድ ቤቱን በዳርን በአራተኛው ወር ተሾመ በጉበት ሕመም ሞተ። አስከሬኑ ያረፈው ሳሎኑ ውስጥ ነው። ሰዎች እኔን ሊያጽናኑኝ ሲሉ «እንኳን በራሱ ቤት ሆነ» አሉኝ። እውነትም ትንሽ መጽናኛ ሆኖኝ ነበር።

አርባው ካለፈ በኋላ የቀረንን ዕዳ በተሾመ አቆጣጠር አሰላሁት። ከሃያ ዓመት ውስጥ ስምንት ዓመት ከመንፈቅ ገደማ ከፍለናል። የቀረው ወደ ሰባ ሺህ ብር መሆን አለበት። የእኔ ደሞዝ ከወሩ ክፍያ ጥቂት ብቻ ነው የሚበልጠው፣ በእሱ ላይ ሰብለ ዩኒቨርሲቲ ልትገባ ነው። ስለዚህ በአንድ ጊዜ ዘግቼው ልገላገል አሰብኩ። ተሾመ ይሠራበት የነበረው ድርጅት የሰጠኝን፣ የእድሩን፣ የሠርጌን ወርቅ የሸጥኩበትን አንድ ላይ አደረግሁ። ሰባ ሺህ ሞላ። ካልከፈልኩ ቤቱ በሐራጅ እንደሚሸጥ አውቃለሁ። ከዚያ ቤት ወጥቼ የምገባበት ሌላ ቦታ አልነበረኝም።

ብሩን በሻርፕ ጠቅልዬ ሄድኩ። ጌታሁን ከመቀመጫው ተነስቶ አቀፈኝ። ሻይ አዘዘልኝ። «ልዘጋው ነው የመጣሁት» ስለው ደስ አለው። ኮምፒውተሩን ነካካና፣

«ዘጠና ዘጠኝ ሺህ ብር ነው የሚቀርሽ እህቴ» አለኝ።

የሌላ ሰው ስም የከፈተ መሰለኝ። «የተሾመን ነው የምልህ» አልኩት።

«የተሾመ ነው።»

«እስካሁን የከፈልነው ብቻ ከመቶ ሠላሳ ሺህ ይበልጣል! የተበደርነው መቶ ሃያ አይደለም እንዴ?»

«አዎ። ግን ወለዱ አለ።»

«ወለድ እንዳለውማ አውቃለሁ። እንዴት ነው ታዲያ ሃያ አንድ ሺህ ብቻ የወረደው?»

ያኔ አስረዳኝ። ሻዩን እያማሰለ፣ በጣም ቀላል አድርጎ አስረዳኝ። ወለዱ የሚሰላው ገና ባልተከፈለው ብድር ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ያልተከፈለው ብዙ ስለሆነ ክፍያውን ወለዱ ይጠርገዋል። የመጀመሪያውን ወር አሳየኝ። ከሰጠነው አንድ ሺህ ሦስት መቶ ሃያ አንድ ብር ውስጥ አንድ ሺህ ሁለት መቶው ወለድ ነበር። ከዋናው ብድር ላይ የወረደው መቶ ሃያ አንድ ብር ብቻ ነው። በሚቀጥለው ወር ከዚያ በአንድ ብር ከምናምን ከፍ ይላል። እንዲህ እያለ ይሄዳል። ዋናው ብድር ደህና አድርጎ መውረድ የሚጀምረው ከብዙ ዓመት በኋላ ነው። ሃያውን ዓመት ብንዘልቅ ኖሮ ለመቶ ሃያ ሺህ ብር ከሦስት መቶ አስራ አምስት ሺህ በላይ እንከፍል ነበር።

ተሾመ መንገድ ነው ያለው ልክ ነበር። ግን መጀመሪያው አሸዋ የሆነ መንገድ ነው። ሞተሩ ይጮኻል፣ ነዳጁ ያልቃል፣ መኪናው እዚያው ነው።

በአእምሮዬ ክፍሎቹን ቆጠርኩ። ከአስሩ ሁለት እንኳ አልሞላም። የእኛ የነበረው ሽንት ቤቱና የእቃ ቤቱ ግማሽ ገደማ ነው። ሳሎን የለ፣ መኝታ ቤት የለ፣ ማድ ቤት የለ። ስለ በጎቹም አሰብኩ። የመጀመሪያው በግ የተገዛበት ብር ከዋናው ብድር ላይ ቢከፈል ኖሮ የዚያን ጊዜ የሦስት ወር ልፋታችንን ያህል ያወርድ ነበር። እኛ ግን አርደን አበላነው። ለማን?

ቀና ብዬ አየሁት።

«ጌታሁን፣ ሳሎኑን ስናከብር ሳሎኑ የእኛ እንዳልሆነ ታውቅ ነበር?»

«እህቴ፣ ሰው ተደስቶ እያለ ምን ይባላል? የሰው ደስታ ማበላሸት ነውር ነው።»

«አራት ጊዜ?»

«ውሉ ላይ እኮ ሁሉም ተጽፏል። ፈርማችኋል። ደግሞ ተሾመ አልጠየቀኝም።»

«መኝታ ቤቱ ተጠናቀቀ ብለህ ብርጭቆ ያነሳኸው አንተ ነህ።»

ሳቅ አለ። «ጨዋታ ነዋ!» አለኝ።

የዱለቱ ሽታ ከየት መጣ ሳልል አፍንጫዬ ውስጥ ገባ። የባለቤቴ ትልቁ ደስታ ለዚህ ሰው መሸጫ ነበር። ባለቤቴ በገዛ በጉና በገዛ ሳሎኑ፣ ያውም በባንኩ ሳሎን፣ ለጌታሁን ደንበኛ ሲሰበስብ ኖሯል። ፍሪምባውም የምስጋና ተብሎ ተሰጥቶታል።

ሻዩን አልጠጣሁትም። ሰባ ሺሁን ግን ይዤ አልተመለስኩም። አንድ ነገር ገብቶኛል። ወለዱ የሚበላው ያልተከፈለውን ስለሆነ፣ ያልተከፈለውን ማሳነስ ነው። ሰባ ሺህ ብሩን ሁሉንም ከዋናው ብድር ላይ አስቀነስኩ። ጌታሁን «ለክፉ ቀን ብታስቀምጪው አይሻልም? በዝግታ ብትከፍዪ ማንም አያስቸኩልሽም» ብሎ መከረኝ። እንደማያስቸኩለኝማ አሁን አውቄያለሁ።

ቤት ተመልሼ ለሆዳን ነገርኳት። ትስቅብኛለች ብዬ ፈርቼ ነበር። አልሳቀችም። ነጠላዬን እያስተካከለችልኝ «አባዮ፣ ሳሎኑን አከራዪው» አለችኝ። አባዮ እህቴ ማለቷ ነው። «ባንኩ ከተኛበት ሌላ ሰው ከፍሎ ይተኛበት።» በሳምንቱ ተከራይ አመጣችልኝ። ካራማራ ማዶ ካለ ከተማ የመጣ የጨርቅ ነጋዴ ከነቤተሰቡ ትልቁን ቤት ያዘ። እኔና ሰብለ ሰርቪስ ክፍሏ ውስጥ ገባን። የሚከፍሉኝ ኪራይ በየወሩ ለባንኩ ይገባል።

የተሾመ ሙት ዓመት ደረሰ። ግቢው ውስጥ ድንኳን ተጣለ። አንድ በግ አሳረድኩ። ጌታሁንም መጣ። ሳልጠራው ነው የመጣው፤ ለሙት ዓመት ሰው አይጠራም። ሳህኑን ሞልቶ ከፊት ተቀመጠ። አጠገቡ ሰፈራችን ውስጥ ተከራይተው የሚኖሩ ባልና ሚስት ነበሩ። ሚስቲቱ እርጉዝ ናት። ወጥ ላቀርብ ሳልፍ ድምፁን ሰማሁት።

«ይኸውላችሁ፣ ተሾመ ለሚስቱ ቤት ጥሎላት አለፈ። ሾፌር ነበር እኮ! በየሁለት ዓመቱ አንድ አንድ ክፍል እያለ። እናንተም ብትጀምሩ…»

የወጡን ድስት መሬት ላይ አስቀመጥኩ። ሄጄ ሳህኑን ከእጁ ወሰድኩት። ጉርሻው አፉ ውስጥ ነበር።

«ቤቱ የእናንተ ነው ጌታሁን» አልኩት። «በጉ ግን የኔ ነው።»

ዞር ብዬ ለሴትዮዋ ነገርኳት። «እህቴ፣ ብድር ውሰዱ አትውሰዱ አልልም። ግን ስትሄዱ አንድ ነገር ጠይቁት። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ ላይ ከቤቱ ዕዳ የሚወርደው ስንት ነው በሉት። ከዚያ በጉን እረዱ።»

ጌታሁን ተነሳ። እጁን እንኳ ሳይታጠብ ወጣ። የእድሩ ሽማግሌዎች ተቆጡኝ። «የለቅሶ እህል ከሰው እጅ አይነጠቅም፤ ተሾመን አሰደብሽው» አሉኝ። ልክ ናቸው፤ አይነጠቅም። ከእንግዳ እጅ ሳህን የወሰድኩት በሕይወቴ ያን ቀን ብቻ ነው። ግን ከተሾመ ባልደረቦች የተበደሩት ሁለቱ በማግስቱ ማልደው ሰርቪስ ክፍሌ በር ላይ ቆመው ነበር። ሂሳቡን አሳየኋቸው። አንደኛው ግድግዳውን ተደግፎ «እኔም እኮ ባለፈው ዓመት በግ አርጃለሁ» አለኝ።

የቀረው ዕዳ በሁለት ዓመት ውስጥ አለቀ። የከፈልነውን ሁሉ ስደምረው ለመቶ ሃያ ሺህ ብር ወደ ሁለት መቶ ሠላሳ አምስት ሺህ ብር ሆኗል። የመጨረሻዋን ክፍያ የተቀበለችኝ አንዲት ወጣት ናት። ጌታሁን ከመስታወቱ ጀርባ ነበር፤ አየኝና ስልኩን አነሳ። ካርታዬን ተቀብዬ ወጣሁ።

ደስ ይለኛል ብዬ ጠብቄ ነበር። አላለኝም። እስከ ዛሬ የሰው ቤት ሄጄ ዱለት ከቀረበ እነሳለሁ፣ ያቅለሸልሸኛል። የማይወጣልኝ አንድ ነገር ነው። ተሾመ እንግዳ በሰው ሳሎን አይስተናገድም ያለ ሰው ነው። እሱ ራሱ ግን በሰው ሳሎን ውስጥ ተገንዞ ወጣ። ያንን የሚያውቅ አንድ ሰው በለቅሶው ድንኳን ውስጥ ተቀምጦ እያለቀሰ ነበር።

ካርታውን ይዤ ስመለስ ሆዳን በሯ ላይ ቆማ ነበር። የእሷ ቤት አሁን ጣሪያ አለው። እጄን አየችና እንደ ድሮው ጠየቀችኝ፤

«ዛሬስ የትኛውን ክፍል ዳርሽ?»

«ሁሉንም» አልኳት።

ለስላሳ ገዛሁላት፣ ቴምርም ጨመርኩ። በግ አላረድኩም።