ደረት የለካንበት ፈትል

ሥራዬ መሬት መለካት ነው። ጎረቤት ከጎረቤት ድንበር ሲገፋፋ፣ ወንድም ከወንድም በውርስ ሲካሰስ፣ የሚጠሩት እኔን ነው። ከመሸንቲ እስከ ዱርቤቴ ሜትሬን ይዤ ያልረገጥሁት ማሳ ጥቂት ነው። በሰው ርስት አንድ ስንዝር አልሳሳትም፤ ይኸን ጠላቴም ይመሰክርልኛል።

እንግዲህ ይቺ የሰው መሬት ለኪ ሴት የገዛ ደረቷን አንድ ቀን እንኳ ለክታ አታውቅም ነበር። ጡት መያዣ የምገዛው ቅዳሜ ገበያ ካለች ደንበኛዬ ነው። ከላይ እስከ ታች ታየኝና «ይኸ ያንቺ ነው» ትለኛለች። እኔም በልብሴ ላይ ደረብ አድርጌ አይቼ፣ አመስግኜ ወደ ቤቴ። ማንገቻው ትከሻዬን እየቆረጠ መስመር አውጥቶበታል፤ ከኋላ ያለው ደግሞ እየሸሸ ጀርባዬ ላይ ይወጣል። ሴት መሆን እንዲህ ነው ብዬ ችዬው ኖሬያለሁ።

ነገሩ የመጣው በልጄ ነው። ልጄ የሰንበት ትምህርት ቤት ከበሮ መቺ ናት። ከበሮው እሷን በሚያክልበት ዕድሜዋ ነው የጀመረችው። አንገቷ ላይ አንጠልጥላ እየዘለለች ስትመታው፣ የወለድኋት እኔ ራሴ «ይቺ የማን ልጅ ናት?» እስከ ማለት እደርሳለሁ። ታዲያ ባለፈው ክረምት ደረቷ ሞላ። ሰኔ ላይ ሕፃን የነበረች ልጅ መስከረም ሲጠባ እኔን አከለች። እኔም ደንበኛዬ ዘንድ ሄድሁና በዓይን ግምት አንድ ጡት መያዣ ገዛሁላት፤ እናትነቴን የተወጣሁ መስሎኝ።

ኅዳር ላይ አንዱ ሥራ ፈት ልምምድ ላይ ስትዘል በስልኩ ቀርጾ ለቀቀው። የሚታየው ከበሮው አልነበረም፤ ደረቷ ነው። የሳቁባትን ሁሉ ቁጭ ብላ አንብባዋለች። እጄ ላይ ቢወድቅ ኖሮ! አሁንም ሳስበው ደሜ ይፈላል። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጄ ትከሻዋን ወደ ፊት አጠፈች። በባሕር ዳር ሙቀት ጃኬት መልበስ ጀመረች። ከበሮውን ለጓደኛዋ አስረክባ መጣችና «ትከሻዬን ያመኛል፤ ዘንድሮ ጥምቀት አልወጣም» አለችኝ።

ጥምቀቱ ያለ እሷም ይከበራል። እኔ የፈራሁት ያ የታጠፈ ትከሻ እንዳይለምድባት ነው። ጎብጦ የደረቀ ነገር በኋላ ቢጎትቱት ይሰበራል እንጂ አይቃናም። በዚህ ዕድሜዋ ከጎበጠች ለዕድሜ ልኳ ጎበጠች ብዬ እንቅልፍ አጣሁ።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ስልኬ ላይ ስለ ጡት መያዣ የምታስረዳ ሴት አገኘሁ። ነገሩ ቀላል ነው። ከጡት ሥር የደረትን ዙሪያ ትለኪያለሽ፤ ከዚያ ጡቱ በሞላበት ላይ ዙሪያውን ትለኪያለሽ። የመጀመሪያው ቁጥሩን ይሰጥሻል፤ የሁለቱ ልዩነት ደግሞ የጡቱን መጠን የሚነግረውን ፊደል። መሸከም ያለበትም ከጡት ሥር የሚዞረው ነው፤ ትከሻ አይደለም። ይኸ እኮ የእኔው ሥራ ነው!

ወዲያው ሜትሬን ከቦርሳዬ አወጣሁ። የመሬት ሜትር ብረት ነው። የልጄን ጎን ሲነካ «እማዬ፣ በረዶ!» ብላ ጮኸች፤ ሜትሩም ከእጄ አምልጦ ተጠቅልሎ ጣቴን ቀረጠፈኝ። ለገላ የሚተጣጠፍ ለስላሳ ነገር ያስፈልጋል።

እናቴ ያን ሰሞን እኛ ዘንድ ነበረች። መንገዱ ክፍት ሆኖ ሲሰነብት ጊዜ ከቁንዝላ በዱርቤቴ ዞራ፣ አጥንቷ እስኪላላ ተንገጫግጫ መጥታለች፤ ጥምቀትን ከልጄ ጋር ልታከብር። በረንዳው ላይ ተቀምጣ ለጋቢ የሚሆን ትፈትላለች።

«እማ፣ እስቲ ከፈትልሽ ትንሽ ቁረጭልኝ፤ ልጅቱን ልለካት» አልኋት።

እንዝርቷ ቆመ። «ምን አልሽ?»

«ደረቷን ልለካት። ልኳን የሆነ ጡት መያዣ ልገዛላት ነው።»

«በፈትሌ ሰው አይለካም» አለች። «ሰው በፈትል የሚለካው ወይ ታሞ ነው ወይ ሞቶ ነው። ደህና ልጅሽ ላይ ምን ሟርት ታመጫለሽ? በስመ አብ በይ!»

ይኸን ለምን እንደምትል አውቃለሁ። ነፍሳቸውን ይማረውና አባቴ መሪጌታ ነበሩ፤ የሐይቁ ዳር ደብር አገልጋይ። ሕመም የጠናበት ሰው ሲመጣ ከራስ ጠጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ በፈትል ይለኩና በዚያው ልክ ብራና ይቆርጣሉ፤ በላዩ የሚጻፈው ጸሎት ከገላው አንዲት ቦታ እንዳያጎድል። ሰው ሲሞትም ለመቃብሩ ቁመቱ በገመድ ይለካል። በእኛ ቤት ፈትልና የሰው ገላ ከተገናኙ ደግ ነገር የለም።

ግን እኔም የእሷው ልጅ ነኝ፤ አፌ አያርፍም። «ልብስ ሰፊስ ሲለካ ይውል የለም እንዴ?»

«ልብስ ሰፊ ለልብስ ነው የሚለካ! አንቺ ገላ ነው የምትለኪ!»

እሷ ስትል እኔ ስል፣ ድምፃችን ግቢውን ሞላው። በመጨረሻ ልጄ ጃኬቷን አንሥታ ለበሰችና «ተዉት በቃ! እኔ ምንም አልፈልግም። ከበሮም ድሮ ቀረ!» አለች። ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

እናቴ የልጅቱን ጀርባ አየች። «ይቺ ልጅ ትከሻዋን ምን ሆነች?» አለችኝ ቀስ ብላ። ከመጣች ጀምሮ ብርድ ይዟት ነው ብዬ ዋሽቻት ነበር። አሁን የሆነውን ሁሉ ነገርኋት፤ ቪዲዮውን፣ ሳቁን፣ ከበሮውን። እናቴ እንዝርቷን መሬት ላይ አስቀመጠች።

«ከአንቺ በላይ የነበረችው እኅትሽ» አለች። «ትኩሳት ሲይዛት አባትሽ ለኳት። በእኔ ፈትል ነው የለኳት። ብራናው ሳይደርቅ ሄደች። ጡቴ መሞቷን አልሰማም ነበር፤ ለቀስተኛው ፊት ወተቱ ቀሚሴን ያርሰዋል። ከዚያ ወዲህ በፈትሌ ሰው አላስለካሁም።»

እኅት እንደነበረችኝ አውቃለሁ። በትኩሳት መሞቷንም አውቃለሁ። ይኸን ግን እናቴ በዚህ ዕድሜዬ ነግራኝ አታውቅም። ልጄም ከግድግዳው ዞራ ታያት ጀመር።

እናቴ ተነሣች። ወደ ክፍሉ ገባች፤ እኛም ተከተልናት። በሩን ዘጋች፣ መጋረጃውን ሳበች፣ መቀነቷን ፈታች። ፈትሉንም በእጄ ላይ አስቀመጠች።

«በይ ለኪ። መጀመሪያ እኔን።»

«አንቺ ምን ያደርግልሻል? ጡት መያዣ አድርገሽ አታውቂ።»

«ለኪ ብያለሁ! እኔን፤ ቀጥሎ አንቺን፤ ከዚያ በኋላ እሷን። በተራ ነው።»

ያኔ ገባኝ። እናቴ መለካት ሞት ይጠራል ብላ አምናለች፤ አምናም አልከለከለችም። የሚመጣ ነገር ካለ መጀመሪያ እሷን እንዲያገኝ ፊት ለፊቱ ቆመች። «ቅበሪኝ» እያለች ነው ያሳደገችኝ። ውኃ ባቀብላት «ቅበሪኝ»፣ ከትምህርት ቤት ስመለስ «ቅበሪኝ»፤ እኔ እንደ ደህና ዋልሽ ነበር የምሰማው። ለካ ሴትዮዋ አንድ ቀን እንኳ ለአፏ ብላ አላለችውም።

ቀሚሷን እስከ አንገቷ ሰበሰበች። የእናቴን ጡት ከጣልሁት ወዲህ አይቼው አላውቅም። እስከ እምብርቷ ወርዷል፤ የግራው ከቀኙ ይረዝማል። ፈትሉን ከሥሩ ለማሳለፍ ከፍ አድርጌ በመዳፌ ያዝሁት። ይሞቃል። እንዴት እንደምናገረው አላውቅም፤ በዓመት በዓል ከቅኔ ማኅሌቱ ደጃፍ ስቆም የሚሰማኝ ነገር ተሰማኝ። ከዚህ ጠጥቼ ነው የቆምሁት። ያቺ ያላየኋት እኅቴም ጠጥታለች።

«ምን ታፈዣለሽ? ያ ያንቺ ነው» አለችኝ። «የግራውን ያረዘምሽው አንቺ ነሽ። ቀኙን ቢሰጡሽ ታለቅሺ ነበር፤ ግትር!»

ልጄ አፏን በእጇ ይዛ ሳቀች። «እምዬ፣ የእኔም እንዲህ ይሆናል?»

«አሜን በይ! ሰባት ካጠባሽበት ይሆናል። በነጻ የሚገኝ መስሎሻል?»

ሦስታችንም ሳቅን፤ እኔ እንባዬ እስኪመጣ። ቀጥሎ ልጄ እኔን ለካችኝ፤ አያቷ «እሱን ከኋላ አስተካክይው፣ ተንጋዷል» እያለች ታዝዛታለች። ከዚያ ተራው የልጄ ሆነ። ጃኬቷን ማንም ሳይነግራት አወለቀች።

«ቀጥ በይ» አልኋት። «እጅሽን አንሺ። አሁን ትንፋሽሽን አውጪ።»

ጎብጦ መለካት አይቻልም። ልጄ ትከሻዋን ወደ ኋላ መለሰች፣ አንገቷን አቀናች፣ ከወራት በኋላ በሙሉ ቁመቷ ፊቴ ቆመች። ለካስ በልጣኛለች! በዚያ ጃኬት ውስጥ ስታድግ እኔ አላየሁም። የጎድን አጥንቶቿ ከፈትሉ ሥር ሲወጡ ሲወርዱ ይሰማኛል። ይኸ ገላ ከእኔ ውስጥ ወጣ? ያቺ አሮጊት ውስጥ ነበርሁ፣ ይቺ እኔ ውስጥ ነበረች፤ ይኸው አሁን ሦስታችን በአንድ ክፍል በአንድ ፈትል እንለካካለን። መሬት ስለካ እንዲህ ተገርሜ አላውቅም።

ክሮቹን በየልካቸው ቆርጠን በብረቱ ሜትር ላይ ዘረጋናቸው፤ እኔም ቀነስሁ። ጉድ በሉ፤ ለዘመናት የለበስሁት ከሥሩ ሰፊ፣ ከላይ ጠባብ ነበር። ለዚህ ነው ትከሻዬ ሲሸከም የኖረው። የልጄም እንደዚያው። በዓይን የተገመተው አንድም በልኳ አልነበረም።

በማግስቱ ሰኞ ቅዳሜ ገበያ ሄድሁ፤ ስሙ ቅዳሜ ይሁን እንጂ በየቀኑ የሚቆም ገበያ ነው። ደንበኛዬ ቁጥሩን ስነግራት «ውይ እኅቴ፣ ይኸማ ያንቺ አይደለም!» አለች። «አምጪው ግድ የለሽም» አልሁ። ለሦስታችንም ገዛሁ። የልጄ ከኋላ በመጨረሻው ቁልፍ ልክክ አለ፤ ከሥሩ ሁለት ጣት ይገባል፤ ብታጎነብስም እጇን ብታነሣም አይሸሽም። መጀመሪያ ቀስ ብላ ዘለለች። ቀጥላ ከፍ ብላ ዘለለች። «እማዬ፣ አይነቃነቅም!» አለችና ወደ መስተዋቱ ሮጠች። እናቴ የራሷን ለአፍታ ሞከረችው፤ «ወግድ፣ ይኸ ኮርቻ ነው!» ብላ አወለቀችው። ልጄ ግን በዚያው ሳምንት ከበሮዋን አስመልሳ መጣች።

የጥምቀት ዕለት ከሐይቁ በኩል ነፋስ ነበር። መዘምራኑ ነጭ ለብሰው ሲመጡ ልጄን ከፊት አየኋት። ጃኬት የለም። ከበሮው አንገቷ ላይ፣ ትከሻዋ ወደ ኋላ። መታችው፣ ዘለለች፣ ዞራ መታችው። ስልክ የቀሰረው ሰው ብዙ ነው፤ እሷ ዞር ብላም አላየች። እልል አልሁ። ጉሮሮዬ እስኪዘጋ እልል አልሁ።

እናቴ አጠገቤ ቆማለች፤ እልል አላለችም። ቀኝ እጇን ጨብጣ ደረቷ ላይ ይዛዋለች። አሟት ይሆን ብዬ ደነገጥሁና ጣቶቿን ከፈትኋቸው። መዳፏ ላይ ትንሽ የክር ድቡልቡል ነበር። የለካንባቸው ክሮች ናቸው፤ ጫፍ ለጫፍ ቋጥራ ጠቅልላቸዋለች። እኔ ተጠርገው የተጣሉ መስሎኝ ረስቻቸዋለሁ።

«እማ፣ ይኸ ምንድን ነው?»

«የልጅቱ ከሁሉ ውስጥ ነው» አለችኝ፣ ዓይኗን ከከበሮው ሳትነቅል። «ያንቺ በላዩ። የእኔ ከውጭ። የሚፈታው ቢመጣ ከእኔ ይጀምራል።»

እጇንም መልሳ ጨበጠች።