ወንበር የለም፣ ጎጎ

ከቤቴ በወጣሁበት ማታ ሐምሌ ነበርና ዝናቡ ያለ ርኅራኄ ይወርድ ነበር። ወደ ሆሳዕና የሚያደርሰኝ ሚኒባስ ጭቃውን ፈርቶ ዋናው መንገድ ላይ ቆመ። እኔ ጫማዬን በእጄ አንጠልጥዬ፣ ቀሚሴን ሰብስቤ፣ በእንሰቱ መሃል አቋርጬ ወጣሁ። ታናሽ እህቴ ዘነበች ጃንጥላ ይዛ ከኋላ ትሮጣለች፤ አልደረሰችብኝምና ጃንጥላው እሷን ብቻ ነበር የሚያስጠልላት።

«በዚህ ዕድሜሽ አውሮፕላን! ብትሞቺስ?» ትለኛለች።

«ብሞት እዚያው ይቅበሩኛ። አፈር የሌለበት አገር አለ እንዴ?»

እሷ አለቀሰች፤ እኔ ለልቅሶ ጊዜ አልነበረኝም። ልጄን ታምራትን ጆሃንስበርግ፣ ካትሌሆንግ በሚባል ሰፈር፣ ሱቁ ውስጥ እንዳለ ሌቦች እግሩን በጥይት መትተውታል። ሚስቱ ምህረት ሱቁንም፣ ሕፃኑንም፣ በሽተኛውንም ለብቻዋ ይዛ ቀርታለች። በስልክ «ደህና ነን እማማ» ስትለኝ ከድምፅዋ ደህና እንዳልሆኑ ገባኝ። ታዲያ ምን ልጠብቅ?

ሚኒባሱ ሊነሳ ሲል ዘነበች በመስኮት አንገቷን አስግጋ፣ «በርጩማሽን ምን ላድርጋት?» አለችኝ። ከአባታችን የቀረችን በርጩማ ናት። ከቤቴ በር አጠገብ እሷ ላይ ተቀምጬ የስንቱን ጎረቤት ጠብ ሰምቻለሁ። ዳኛ አይደለሁም፤ ትምህርቴም በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ፊደል ከመቁጠር ብዙም አልዘለለም። ግን ሰው ሲበደል አይቶ ዝም ማለት አልሆንልኝ ብሎኛል፣ ከልጅነቴ ጀምሮ።

«ካለችበት እንዳታነሻት!» አልኳት፤ መኪናው ሄደ።

ጆሃንስበርግ አውሮፕላን ማረፊያ ስደርስ አንድ ወጣት ሹም ከመስታወት ጀርባ ተቀምጦ ጠበቀኝ። አብራኝ የመጣች አንዲት የአዲስ አበባ ልጅ አስተረጎመችልኝ።

«ለምን መጡ?»

«ልጄን ላስታምም።»

«እስከ መቼ ይቆያሉ?»

«እስኪድን።»

«እናቴ፣ ቀን ይንገሩኝ።»

«ቀኑን እግዚአብሔር ነው የሚያውቀው። ለአንተ ከነገረህ ጻፈው።»

ልጅቷ ይህን እንዳለ መተርጎሟን እንጃ። ብቻ ሹሙ ሳቀና ማህተሙን መታ። ጉዱ የመጣው ሻንጣዬ ሲከፈት ነው። ለታምራት ብዬ ያመጣሁት ቡላ በፌስታል ተጠቅልሎ አለ፤ ነጭ፣ ልም ያለ ዱቄት። ሦስት ሰዎች መጥተው ከበቡት። ልጅቷን ምን እንደሆነ ቢጠይቋት እሷም እንሰት የምታውቀው በሩቁ ነውና፣ «ከግንድ የሚፋቅ ነገር ነው» ብላ አረፈችው። ሰዎቹ ጭራሽ ፊታቸው ተለዋወጠ። ምን እንደጠረጠሩ ሲገባኝ ደሜ ፈላ። አንድ እፍኝ ዘገንኩና በፊታቸው ቃምኩት። ደረቅ ቡላ ቅማችሁ የምታውቁ ታውቃላችሁ፤ ጉሮሮዬ ላይ ተለጠፈ። መጀመሪያ ውሃ ይዞ የሮጠው ያው የጠረጠረኝ ሰውዬ ነው። እንግዲህ ሰው ሁሉ ክፉ አይደለም፤ ቡላ የማያውቅ ብዙ ነው እንጂ።

ካትሌሆንግ ስደርስ ልጄ ሱቅ ሳይሆን እስር ቤት የከፈተ መሰለኝ። ስፓዛ ይሉታል። ከጣሪያ እስከ ወለል የብረት ፍርግርግ ነው፤ ደንበኛው በውጭ፣ እኛ በውስጥ፣ ዳቦና ሳሙና በትንሽ ቀዳዳ ይሾልካል። ሐምሌ እዚህ ክረምት ነው ሲሉኝ ዝናብ ጠበቅሁ፤ ጠብ የለም። ፀሐይዋ ጥርሷን ታሳያለች እንጂ አታሞቅም። ፓፕ የሚሉት የበቆሎ ገንፎ አላቸው፤ ነጭነቱ ቡላ ይመስላል፣ አፍ ውስጥ ሲገባ ግን ቅቤ የማያውቅ ድሃ ነው። የወደድኩት ሰላምታቸውን ነው። «ሳውቦና፣ ጎጎ» ብለው ቆም ይላሉ። ጎጎ ማለት አያት ማለት ነው። ሕፃን ሽማግሌው ጎጎ ይለኛል፤ ስሜን የጠየቀኝ የለም፣ አልናፈቀኝምም።

ሱቁ ያለው በአንዲት ባልቴት ግቢ፣ ድሮ የመኪና ማቆሚያ በነበረ ክፍል ነው። አከራያችንም ጎጎ ናት፣ ጎጎ ታንዲ። ባሏ በሕይወት ሳለ እንግሊዞች ቤት አትክልተኛ ነበር። ሰዎቹ ወደ አገራቸው ሲመለሱ ቴሌቪዥናቸውንና አንድ ካርቶን የሲዲ ኮሜዲ ሰጡት። ጎጎ ታንዲ ከሰዓት በኋላ ሁሌ እሱን ነው የምታየው። እኔም ሕፃኑን አዝዬ ሄጄ ሶፋዋ ላይ እቀመጣለሁ። ምህረት ዙሉኛ ስለምታውቅ ሱቁ ቀዝቀዝ ሲል መጥታ ታስተረጉምልናለች።

የእንግሊዝ ኮሜዲ አይታችሁ ታውቃላችሁ? እኔ መጀመሪያ ቴሌቪዥኑ የተበላሸ መስሎኝ ነበር። ሙሉ ልብስ ከክራባት ጋር የለበሰ የተከበረ ሰው ዶሮን ወንበር ላይ አስቀምጦ ፈተና ይፈትናል። ዶሮዋ ትወድቃለች፤ ዘመዶቿ መጥተው ያለቅሳሉ። ወታደሮች ፍራሽ ተሸክመው ሰልፍ ይሠራሉ። አንድ ዳኛ፣ ጃንጥላ ሻጭ ዝናብን የከሰሰበትን ጉዳይ ያያል፤ ዝናቡ ቀርቦ ቃል እንዲሰጥ ይጠራል። ይባስ ብሎ ነገሩ መጨረሻ የለውም። እኛ ቤተ ክርስቲያን ወጣቶቹ ድራማ ሲያሳዩ ጠጪው ንስሐ ይገባል፣ የጠፋው ልጅ ይመለሳል፣ ዘማሪዎች ይነሣሉ። እነዚህ ግን ድንገት ግድግዳው ይወድቅና ሌላ ነገር ይጀምራሉ። «ታዲያ ዶሮዋ ምን ሆነች?» እላለሁ። ጎጎ ታንዲ እጇን ታወናጭፋለች።

አንዱ ግን ከልቤ አልወጣልኝም። አንድ ሰው ወንበር በጀርባው ታስሮበት ቢሮ ይገባል። ጸሐፊው «ሳይቀመጡ አላናግርም» ይለዋል። «ወንበር የት አለ?» ይላል ሰውየው። «ወንበር የለም!» ይለዋል። ሰውየው በጀርባው ያለውን ያሳየዋል። «ያ አብሮዎት የመጣ ነው፤ የቢሮው አይደለም፤» ይለዋል። ሰውየው ሊቀመጥ ዞር ሲል ወንበሩም አብሮት ይዞራል፤ ሲዞር፣ ሲዞር፣ በመጨረሻ ሁለት ሠራተኞች የቢሮ ዕቃ ሊያወጡ ይመጡና እሱንም እንደ ወንበር ተሸክመውት ይሄዳሉ።

ጎጎ ታንዲ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። እኔ ተቆጣሁ። «ይህ ሰውዬ ተበድሏል! ምን ያስቃል?» አልኩ። ምህረት ስትነግራት ጎጎ ታንዲ ሳቋን አቆመችና ዓይኗን በሻሿ ጠረገች።

«ያኔ ነጮች ሲገዙን ጥቁር ሰው ያለ ፓስ ከተማ አይገባም ነበር፤» አለች። «እኔ ለዚያች ወረቀት እዚያ ቢሮ ስንት ጊዜ ቆሜያለሁ መሰለሽ። ወንበር ነበር፤ ለእኛ ግን አልነበረም። ያኔ አልሳቅሁም። አሁን ነው የምስቀው፤ የእኔ ድርሻ ነው።»

ከዚያ ወዲህ ፍትሕ ያለበት ሳቅ መሆኑ ገባኝና አብሬያት ሳቅሁ። በሯ ላይ ስደርስም «ኖ ቼር፣ ጎጎ! ወንበር የለም!» ትለኛለች፤ እኔም ሕፃኑን በጀርባዬ እንዳዘልኩ እዞራለሁ፣ እዞራለሁ፤ ሁለት አሮጊቶች እስክንደክም እንስቃለን።

የታምራት እግር መለስ ማለት ሲጀምር ቴምባ ተነሣብን። ቴምባ የጎጎ ታንዲ ባል የወንድም ልጅ ነው፤ ከግቢው ጓሮ ባለ ክፍል ይኖራል። «ሱቁ ያለበትን ክፍል አባቴ ነው የሠራው፤ የውጭ ሰዎች ይውጡልኝ፤» አለ። ጎጎ ታንዲ እንዳትስማማ እኛን ትወዳለች፤ እንዳትከለክለው የባሏ ሥጋ ነው፤ ዝም አለች። አንድ ዓርብ ቴምባ ሰንሰለትና ቁልፍ ገዝቶ መጣና ለታምራት አሳየው።

«ነገ ጠዋት በሩን እቆልፋለሁ። ዕቃህ ውስጥ ከቀረ የእኔ ጉዳይ አይደለም።»

ታምራት ምርኩዙን ተደግፎ ቆሞ ቀረ። «እማዬ፣ ዲፕስሉት የሚባል ሰፈር አንድ የአገር ልጅ አለ፤ እሱ ጋ ብሄድ ይሻላል መሰለኝ።» በዚያ እግሩ! ሱቋን ካጣ ሌላ ሱቅ ከባዶ የሚጀምርበት ጉልበት እንደሌለው እሱም እኔም እናውቃለን።

«አትሄድም። ገና አልተሰማንም፤» አልኩት።

በእኛ አገር የተበደለ ሰው በበዳዩ ደጅ ይቀመጣል። አይጮህም፣ አይሳደብም፤ ይቀመጣል። ሽማግሌ መጥቶ ሁለቱንም እስኪሰማ አይነሣም። ቅዳሜ ጠዋት ከሱቁ አንድ የፕላስቲክ ወንበር ወስጄ የቴምባ በር ላይ አደረግሁና ነጠላዬን አጣፍቼ ተቀመጥኩ። ቴምባ ሰንሰለቱን ይዞ በሩን ሲከፍት ጉልበቱ ከወንበሬ ጋር ተጋጨ።

«ጎጎ፣ ምንድን ነው? ተነሺ!»

ነጠላዬን ሰብሰብ አድርጌ ተደላደልኩ።

«ምህረት፣ ይህቺን ሴትዮ ምን ነካት?»

ምህረት ከፍርግርጉ ውስጥ ሆና፣ «እስክትሰማት አትነሣም፤» አለችው።

«ምንም አላለችኝም እኮ! ምኑን ልስማ?»

ጎጎ ታንዲ ድምፅ ሰምታ ወጣች። እኔን በወንበር፣ ቴምባን በደጃፉ ታግቶ አየች። የአገሬን ወግ የት ታውቃለች? የቴሌቪዥኑን ጨዋታ የምጫወት መሰላት! በሳቅ ፈነዳች፤ ገብታ ወንበሯን አመጣችና ጎኔ ተቀመጠች። ሳቋን የሰሙ የጎረቤት ሴቶች አጥር ላይ ተንጠለጠሉ። ያን ኮሜዲ ሶፋዋ ላይ ተቀምጦ ያላየ ጎረቤት የለም። አንዷ የቢራ ሳጥን፣ አንዷ ባልዲ ይዛ ገባች፤ ግቢው ሞላ። ቴምባ ዞር ዞር ብሎ አየ።

«እኔስ የት ልቀመጥ?»

ሴቶቹ ሁሉ ባንድ አፍ፣ «ኖ ቼር!»

ሳቁ መንገድ ላይ ያሉትን ሁሉ ጠራ። ቴምባ ሰንሰለቱን ተሸክሞ መሃላችን ቆሟል። ታምራት ዓይኑ በራ፤ አሸንፈናል ማለቱ ነው። አዎ፣ ያን ሰዓት ብነሣና ብገባ ቴምባ ከዚያ በኋላ በሩን ለመቆለፍ ፊት አይኖረውም ነበር።

ግን ልጁን ሳየው ያ የቢሮው ሰውዬ ትዝ አለኝ። ጸሐፊው እኔ ሆኜ ተገኘሁ። እኛ ጋ ደግሞ ቆሞ የሚፈረድበት ሰው የለም፤ ሌባም ቢሆን መጀመሪያ ተቀመጥ ይባላል። ተነሣሁና ወንበሬን ወደሱ ገፋሁለት።

«ተቀመጥና ተናገር፤» አልኩት። «ከዚያ እኛ እንናገራለን።»

ሳቁ ቆመ። ምህረት ቀስ ብላ ተረጎመችለት። ቴምባ ተጠራጥሮ ወንበሩን በእግሩ ነካ አደረገው፤ ከዚያ ተቀመጠ። አባቱ እዚያ ክፍል ውስጥ ሬዲዮ ይጠግን እንደነበር ተናገረ። ትምህርት ጨርሶ ሥራ ፍለጋ ዞሮ ዞሮ እንደሰለቸው ተናገረ። «ሳጥናችሁን መተላለፊያዬ ላይ ትደረድራላችሁ። በመስኮቴ ብርሃን አይገባም። ቴምባ፣ ይቻላል ወይ ብሎ የጠየቀኝ አለ? እኔ እዚህ ግቢ ዕቃ ነኝ?»

ወደ ልጄ ዞርኩ። «ጠይቀኸዋል?»

«እማዬ፣ አከራዬ ጎጎ ታንዲ ናት እኮ።»

«ጠይቀኸዋል ወይ ነው የምልህ!»

ዓይኑን ወደ ምርኩዙ ሰበረ።

«እንግዲያው በዚህ ተበድሏል።»

ታምራት አፉን ከፈተ። «አንቺ የማን ወገን ነሽ?»

«የወንበሩ። አሁን ተራው የአንተ ነው፤ ተቀመጥና ተናገር።»

ታምራትም ተቀምጦ ስለ እግሩ፣ ስለ ሌቦቹ፣ ስለ ሕፃኑ ተናገረ። ቴምባ መሬት መሬት እያየ ሰማው። ሁሉ ተነግሮ ሲያበቃ ጎጎ ታንዲ ወንበሯን በእጇ መታች። ሱቁ ይቆያል። ሳጥኖቹ ዛሬውኑ ይነሣሉ። ከሱቁ ጎን ባለው ጥላ ሥር ቴምባ ቆታ ይሸጣል፤ ዳቦ ተቦርቡሮ ድንች ጥብስ የሚሞላበት የሰፈሩ ምግብ ነው፤ ዳቦውን ከታምራት ይወስዳል። ቴምባ እሺም እምቢም አላለም። ሰንሰለቱን ጠቅልሎ ገባ።

አሁን ድንቹን ይጠብሳል፤ ሰልፉ አንዳንዴ ከእኛ ይበልጣል። አንዳንድ ቀን «ሳውቦና ጎጎ» ይለኛል፣ አንዳንድ ቀን ያልፈኛል። ሰንሰለቱ ግን አልተጣለም፤ በሩ ሲከፈት ምስማር ላይ ተሰቅሎ አየዋለሁ። ይሰቀል። እኔም ወንበሬን አላርቅም።

ባለፈው እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ ለዘነበች ደወልኩና የወንበሩን ሰውዬ ኮሜዲ ነገርኳት።

«በመጨረሻ ምን ሆነ?»

«ተሸክመው ወሰዱት።»

«ወዴት?»

«አላሳዩም።»

«ወይ ጉድ፣ ምን ዓይነት ጭካኔ ነው!» አለች። «ታምራትስ?»

«ምርኩዙን ጥሏል። ዛሬ ሕፃኑን ትከሻው ላይ አድርጎ ሄደ።»

«ተመስገን። እስኪድን ነው ብለሽኝ አልነበር?»

ሕፃኑ ቀሚሴን ይጎትታል። ከውጭ የቴምባ ዘይት ይንጫጫል። ዓመት ሞልቶ ሐምሌ ተመልሷል፤ ደረቅ ፀሐይ ወለሉ ላይ ተኝታለች። ወሬ ለማስቀየር፣ «በርጩማዬስ?» አልኩ።

«ካለችበት ናት። ዝናብ እየመታት ነው።»

«አንቺ ሴት! እንጨት አይደለች፣ ትበሰብሳለች እኮ! ምን አለ ብታስገቢያት?»

«ካስገባኋት የማትመጪ ይመስለኛል፤» አለችኝ።

  በስልኩ ውስጥ ዝናቡ ቆርቆሯችንን ሲደበድብ ይሰማኛል፤ ስልኩን ሳልዘጋ ቆየሁ።