መስታወቱ ላይ የተለጠፈው ትኬት

ባለፈው ሳምንት የኢኮኖሚክስ መምህራችን ሰሌዳው ላይ «ሞኖፖሊ» ብለው ጻፉና፣ «ሻጩ አንድ ብቻ ሲሆን ማለት ነው። እስቲ ከሰፈራችሁ ምሳሌ ስጡኝ» አሉ። ጥያቄ ሲጠየቅ ቶሎ እጄን የማወጣ ተማሪ ነኝ። ያን ቀን ግን እጄን እስከ ግማሽ አንስቼ መለስኩት። ትዝ ያሉኝ የመካኒሳው ጋሽ ንጉሤ ነበሩ፤ የእሳቸው ነገር ደግሞ በአንድ ዓረፍተ ነገር አያልቅም።

ጋሽ ንጉሤ ከቤታችን ፊት ለፊት፣ ታክሲ መውረጃው አጠገብ ሙዚቃ ቤት አላቸው። ካሴት ሲቀር ሲዲ፣ ሲዲ ሲቀር ቻርጀርና የስልክ ሽፋን ሸጠዋል። ሳይለወጥ የቆየው የኮንሰርት ትኬት ነበር። አዘጋጆቹ ትኬት ሲያመጡላቸው አንዷን በነጭ ፕላስተር የሱቁ መስታወት ላይ ይለጥፏታል። በቃ፣ ሰፈሩ ሁሉ ትኬት መምጣቱን ያውቃል። እጅ ያጠረው «አንድ ይያዙልኝ» ይላል፤ እሳቸውም ስሙን ከትኬቱ ጀርባ ይጽፉለታል። በዝግጅቱ ቀን በር ላይ ቆመው ትኬት የሚቀበሉትም እሳቸው ነበሩ።

አሥረኛ ክፍል እያለሁ መስታወቱ ባዶ ሆነ። አንድ ድርጅት ከየአዳራሹና ከየሜዳው ጋር ተዋዋለና፣ ትኬት ከእሱ የስልክ መተግበሪያ ውጭ የማይገኝ ሆነ።

የዚያ ዓመት ክረምት ሊወጣ ሲል፣ ጋሽ ንጉሤ ከወጣትነታቸው ጀምሮ የሚወዱት አንጋፋ ዘፋኝ ጎፋ ባለው ሜዳ የመሰናበቻ ዝግጅት እንደሚያቀርብ ተሰማ። አንድ ከሰዓት ከሱቃቸው ደጃፍ ጠሩኝ።

«ሰላምዬ፣ በዚያች ስልክሽ ለእኔና ለአስካለ ትኬት ግዢልን።» እትዬ አስካለ ባለቤታቸው ናቸው። «ዕድሜ ልኬን በር ላይ ቆሜ ከውጭ ነው የሰማሁት። አሁን የምሸጠው የለኝ፤ እንግዲህ አንዴ እንኳ እንደ ሰው ልግባ!»

ገዛሁላቸው። ሁለት ኮድ መጣልኝ። እሳቸው ግን «በእጅ ያልተያዘ ትኬት ትኬት ነው እንዴ?» ስላሉ ፎቶ ኮፒ ቤት ሄጄ ሁለቱንም በወረቀት አሳተምኩ። ወረቀቶቹን በሁለት እጃቸው ሲቀበሉኝ የሆነ ትልቅ ሥራ የሠራሁ መሰለኝ።

በማግስቱ ዳቦ ልገዛ ስወጣ፣ ከሁለቱ ወረቀቶች አንዱ መስታወቱ ላይ ተለጥፏል። በነጭ ፕላስተር፣ አራቱም ማዕዘን። አላፊ አግዳሚው «ጋሽ ንጉሤ፣ ትኬት መጣ እንዴ?» ይላቸዋል፤ እሳቸው «የራሴ ነው! የራሴ!» እያሉ ይስቃሉ። መተግበሪያው ኮዱን ለማንም እንዳናሳይ አስጠንቅቆ ነበር፤ አንብቤዋለሁ። ልነግራቸው ወደ በሩ ተጠጋሁ። ግን ያን ሳቅ እንዴት አቋርጠዋለሁ? ትልቅ ሰው እንዴት አርማለሁ? «ደህና አደሩ» ብያቸው አለፍኩ። ወረቀቱ አራት ቀን እዚያው ዋለ አደረ።

ቅዳሜ ከሰዓት በር ድረስ ላደርሳቸው አብሬያቸው ሄድኩ። ዝናቡ ገና ማባራቱ ነበር፤ የጎፋ መንገድ ጭቃ፣ ዳር ዳሩን የበቆሎ ጥብስ ሽታ። ጋሽ ንጉሤ ኮታቸውን አስተኩሰው፣ ጫማቸው እንዳይቆሽሽ ድንጋይ ድንጋዩን እየመረጡ ይራመዳሉ። በሩ ላይ አንድ ወጣት በስልክ ኮድ ያነባል። የእትዬ አስካለ አረንጓዴ አበራ። የጋሽ ንጉሤ ቀይ።

«አባቴ፣ ይሄ ገብቷል» አለ ወጣቱ።

«እኔ እዚህ ቆሜ ማን ገባ?»

«በዚህ ኮድ ሌላ ሰው ገብቷል። ማሽኑ ነው፣ እኔ አይደለሁም አባቴ።»

ከኋላ «ፋዘር፣ ወይ ይግቡ ወይ ያሳልፉን!» የሚል ድምፅ መጣ። ወደ ድርጅቱ ስደውል አንድ የተቀዳ ድምፅ ስለ ጥሪዬ አመስግኖኝ ዘጋው። ከአዘጋጆቹ አንዱ ጋሽ ንጉሤን አውቋቸው እየሮጠ መጣ፤ እጃቸውን ይዞ አንገቱን ደፋ። «ይቅር ይበሉኝ፣ እኔ ራሴ እጄ ላይ አንድ ትኬት የለኝም። ሜዳውን ያገኘነው ትኬቱን ድርጅቱ ብቻ እንዲሸጥ ፈርመን ነው። እምቢ ብንል የት እናዘጋጃለን?»

እትዬ አስካለ የራሳቸውን ወረቀት ዘረጉላቸው። «እንካ፣ አንተ ግባ።»

«እኔማ ከውጭ መስማት ለምጃለሁ። ግቢ፣ መልኩን አይተሽ ትነግሪኛለሽ።»

«አንተ ግትር!» አሉና፣ እንባቸው እየመጣ ገቡ።

እኔና ጋሽ ንጉሤ ከቆርቆሮው አጥር ሥር ከአንዲት በቆሎ ጠባሽ አጠገብ ቆምን። ዘፈኑ ሲጀምር ከንፈራቸው አብሮ ይንቀሳቀሳል። ወደ እሳቸው ዞርኩ።

«ጋሽ ንጉሤ፣ መስታወቱ ላይ አይቼው ነበር። ኮዱን ሰው ፎቶ እንደሚያነሳው ገብቶኝ ዝም አልኩ።»

አልተቆጡም። «እጄ ለምዶብኝ ነው እኮ የለጠፍኩት። ድሮ መስታወት ላይ ያለ ትኬት ማን ይሰርቀዋል? ሰርቆ በየት ሊገባ? በሩ ላይ የምቆመው እኔ ነኛ!» ብለው ሳቁ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ግን ሌላ ጊዜ ንገሪኝ፣ ልጄ። ለትልቅ ሰውም ይነገራል» አሉኝ።

ባለፈው ሳምንት፣ ያን እጄን የመለስኩ ዕለት፣ ከትምህርት ስመለስ ሱቃቸው ገባሁ። መስታወቱ ላይ የፕላስተሩ አራት ምልክት እስካሁን አለ። የመምህራችንን ጥያቄ ነገርኳቸው።

«እኔም እኮ ለመካኒሳ ብቸኛው ትኬት ሻጭ ነበርኩ» አሉ የሻይ ብርጭቋቸውን እያስቀመጡ። «ታዲያ እኔስ ሞኖፖሊ ነበርኩ?»

ይህን እንዳሉ አንዲት ሴት ቻርጀር አንጠልጥለው ገቡ። «ኧረ ጋሽ ንጉሤ! ትናንት የሸጡልኝ ዛሬ ሞተ! ይሄ ምን ማታለል ነው?»

«ቆይ፣ አትጩሂ፤ አምጪው» አሉና ተቀበሏቸው፣ ሰክተው ሞከሩት፣ አልሠራም። ከመደርደሪያው ሌላ አውርደው ሰጧቸው። ሴትዮዋ እያጉረመረሙ ወጡ።

ለመምህራችን የምነግራቸውን ያኔ አገኘሁት፦ ሁለቱም ብቸኛ ሻጭ ነበሩ፤ ግን ጋሽ ንጉሤ ዘንድ ገብቶ መጮህ ይቻላል፣ ድርጅቱ ጋ ያለው የተቀዳ ድምፅ ብቻ ነው። በሚቀጥለው ክፍለ ጊዜ እጄን እስከ ላይ አወጣለሁ።